በጾም ቀን የተሠራ የዶሮና የለውዝ ወጥ

ረቡዕ፣ ጥቅምት 18 ቀን 2002 ዓ.ም.፣ ሳንቃ በር ካምፕ፣ የስሜን ተራሮች

ጋናዊቷ እንግዳችን እናቷ የምትሠራው የዶሮና የለውዝ ወጥ አማረኝ አለች። ረዳቷ እኔ ልሞክረው ስል ዋናው ምግብ አብሳያችን ጋሽ አለባቸው ሳቁብኝ። «በጾም ቀን? በልተሽ የማታውቂውን ወጥ፣ ሳትቀምሺ? ፓስታ ቀቅለሽ ስጫት!»

እልህ ያዘኝ። «እሠራዋለሁ» አልኳቸው።

ለመንገድ ስንቅ ብዬ ትናንት ደባርቅ ቆልቼ የወቀጥኩትን ለውዝ ከሽንኩርትና ከቲማቲም ጋር በዘይት አቁላላሁት፤ ካሮትና ጎመን ጨመርኩበት። ዶሮው እስኪገባ ድረስ ያው የጾም ወጥ ነው። ዘጠኝ ሰዓት አልፎ ስለነበር ደጋግሜ ቀምሼ ጨውና ሚጥሚጣውን አስተካከልኩ። ለብቻው የቀቀልኩትን ዶሮ የከተትኩት ከዚያ በኋላ ነው። ከዚያ ወዲያ ማንኪያው አፌ አልደረሰም። ግን ዶሮውን በጨውና በሎሚ ነበር ያጠብኩት። ጨው በዝቶበት ቢሆንስ?

እንግዳዋ ሳህኗን በዳቦ ጠርጋ በላች። «የእናቴን ይመስላል» ስትል ዓይኗ እንባ አቅርሮ ነበር።

ጋሽ አለባቸው ግን «ቀኑን ሙሉ ዳገት የወጣ ሰው ምን የማይጣፍጠው አለ?» አሉ።

ይሁን። ሁለት ብልት ከነመረቁ ከድኜ ብርዱ ላይ አስቀምጫለሁ። ነገ ሐሙስ ነው። መጀመሪያ የማጎርሰው እሳቸውን ነው።