«ቁረጡ» ሳይባል

እሑድ 2/11፣ ጠዋት

ሮቫ ቫቭ ሰፈር፣ የማስታምማቸው አባባ ቤት ደረስኩ። ሊፍቱ ዛሬም አይሠራም፤ አራት ፎቅ በእግር። አባባ ፒጃማቸውን ገልብጠው ለብሰው ሳሎን ቆመዋል። እንደገና ከበሩ ግቢ አሉኝ። ገባሁ። ልክ አይደለም፣ መጀመሪያ ቦርሳሽን አስቀምጪ አሉ። በሦስተኛው «ቁረጡ!» ብለው በፈረንሳይኛ ጮኹ፤ ቀረጻው አበቃ ማለታቸው ነው። ከዚያ በኋላ ነው ሻይ የጠጡት።

ይኸው ነው ሥራዬ፣ ደብተሬ። አስታማሚ ተብዬ ተቀጥሬ ተዋናይ ሆንኩ። በሃምሳ ዓመቴ!

ማክሰኞ 4/11፣ ከቀኑ 8 ሰ.

ዛሬ ደህና ናቸው። ቁርሳቸውን ረስተው ፓሪስን ያስታውሳሉ። ሃያ ዓመት ተዋናይ ነበሩ፦ አስተናጋጅ፣ ፖሊስ፣ ሬሳ። አንዴ ሬሳ ሆነው ጭቃ ላይ እንደተኙ ዝናብ መጣ። ዳይሬክተሩ «ቁረጡ» ማለቱን ረስቶ ምሳ ሄደ። እስኪመለስ ንቅንቅ አላሉም። እኔ ሰው ረስቼ አልሄድም ብለው ዳይሬክተር የሆኑት ያኔ ነው። አራት ፊልም ሠሩ። አራተኛው የተከፈተ ቀን አዳራሹ ውስጥ እሳቸውና ሚስታቸው ብቻ። ከዚያ ወዲያ ካሜራ የሰጣቸው የለም። ልጃቸውን ተከትለው እስራኤል፣ እዚህ አሽዶድ መጡ፣ ሚስት ሞተች፣ በቃ።

ሳቅሁ፣ ከዚያ አለቀስኩ። እኔም በስደት ሱዳን፣ በዘጠኝ ዓመቴ፣ እናቴ ውኃ ላምጣ፣ ከዚህ እንዳትነቃነቂ ብላኝ ሄደች። አልመጣችም። ሰዎች በግድ ነው ያነሱኝ።

ሐሙስ 6/11

ልጃቸው መጣች። «ቤት አቮት»፣ መጦሪያው ውስጥ፣ ቦታ ተገኝቷል፤ እሑድ ይገባሉ። አባባ ሰሙ። የአረጋውያን ቤት አልገባም፣ ከዚህ የሚወጣው ሬሳዬ ነው ብለው በሩን ቆለፉ።

ልጅቷ ኩሽና ወስዳ ለመነችኝ። አንቺን ነው የሚሰማሽ፣ ፊልም ልንቀርጽ ነው በዪው። አልዋሽም አልኳት። አለቀሰች። ክፉ ብትሆን ይቀለኝ ነበር። እሺ አልኩ። ምነው አፌን በያዘው ኖሮ!

እሑድ 9/11፣ ከቀኑ 10 ሰ.

ነገርኳቸው። ፊታቸው በራ። ጢማቸውን ራሳቸው ተላጩ፣ ጥቁሩን ኮት ለበሱ። ዳይሬክተሩ ማነው? እኔ ነኝ አልኩ። ጎንበስ ብለው እጄን ሳሙ። አባቴን የሚያህል ሰው! መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ።

መጦሪያው ስንደርስ ክፍላቸው ወንበር ላይ አስቀመጥኳቸው፣ ፊታቸው ወደ መስኮቱ። ጀምሩ አልኩ። ቀጥ ብለው ተቀመጡ። ልጅቷ በዓይኗ ጠቀሰችኝ፤ ወጣን።

ማክሰኞ 11/11፣ ጠዋት

ነርሷ ደወለች። አይበሉም፣ አይናገሩም። አልጋ ላይ ያስተኟቸዋል፣ ተነሥተው ወንበሩ ላይ ይመለሳሉ። ምን እየጠበቁ ነው አለችኝ።

ምን እንደሆነ አውቃለሁ፤ «ቁረጡ» እስክላቸው ነው። ረስቼ አይደለም የሄድኩት። ፈርቼ ነው።

ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል ይላሉ። የኔ ውሸት ግን ይኸው ሁለት ቀኑ፣ አባባ ጦማቸውን ተቀምጠውበታል። ካቆምኩላቸው ቤቴ ውሰጂኝ ይላሉ። ቤቱ ትናንት ለሌላ ሰው ተከራይቷል። ካላቆምኩላቸው ይሞታሉ።

እሄዳለሁ። አሁን። በሩ ላይ ቆሜ «ቁረጡ» እላለሁ። ዞር ብለው እንዴት ነበርኩ፣ አሁን ወዴት ነው የምንሄደው ካሉኝ ግን…