ቁልቁለቱ ላይ ያለው ፌርማታ

ሰኞ፣ ጥቅምት 4/78፣ ከቀኑ 11 ሰዓት

ዛሬም አለፈኝ። ያችው ነጭ ፒክአፕ፣ ጫት እስከ አናቷ የጫነች። አዲስ ናት፤ የማን እንደሆነች አላውቅም። ወደ ሚኤሶ በሚወርደው ቁልቁለት፣ ሦስተኛው ፌርማታ ላይ ነኝ። የት/ቤቱን አውቶቡስ አቁሜያለሁ፤ ሁለቱም ፍሬቻ ይበራል፤ ልጆች እየወረዱ ነው። ከዚህ በላይ ምን ላድርግ? እሱ ክላክሱን እየነፋ ሽው! ፋጡማ፣ የ3ኛ ክፍሏ፣ በአውቶቡሱ ፊት ልትሻገር አንድ እግሯን አውጥታ ነበር። ልጆቹ «ዻቢ! ዻቢ!» ብለው ጮኹ፤ ቁም ማለታቸው ነው። እሷ ቆመች። እሱ አልቆመም። ታርጋውን ይዣለሁ፤ አንተም ያዝልኝ፣ ደብተሬ።

ማክሰኞ፣ ጥቅ. 5

ጠዋት ልጆቹን አድርሼ ትራፊክ ዘንድ ሄድኩ። ወጣት ነው፤ ትሑት፤ ወንበር ሳበልኝ። ታርጋውን ነገርኩት። የተጎዳ ሰው አለ? የለም። የተጋጨ መኪና? የለም። እንግዲያው ምን ብዬ ልክሰሰው አለ። እንዲያውም ዳር ይዞ መቆም የእኔ ግዴታ ነው አለኝ። ዳሩ ገደል ነው! ልጆቹን ገደል ላራግፍ? እኔ ሹፍርና ስማር፣ ሕፃናት የሚያወርድ መኪና ካየህ ቁም ነው የተባልኩት። እሱም ያውቀዋል፤ ዓይኑን ሰበረ። «ሰው ሲጎዳ ይምጡ፣ አባባ።» ሲጎዳ! ሬሳ ተሸክሜ ልምጣ?

ረቡዕ

ካፊያ። ፒክአፗ የለችም። ሆኖም ከመስታወቱ ዓይኔን ሳልነቅል ዋልኩ። አንገቴ ደርቋል።

ሐሙስ፣ ጥቅ. 7፣ ከምሽቱ 1 ሰዓት

ያልኩት ደረሰ።

ፋጡማን መታት። ያው ቦታ፣ ያው መኪና። ዞር ብሎም አላየ፤ ቁልቁል ነጎደ። አቅፌያት ገባሁ፤ የቀሩትን ልጆች እንደያዝኩ አውቶቡሱን አዙሬ ወደ ሆስፒታል። ሁሉም ያለቅሳሉ። ከጉልበቷ በታች ተሰብሯል። ትተርፋለች፣ አልሐምዱሊላህ።

አባቷ መጣ፤ ሐጂ ኡመር፣ የጫት ነጋዴው። ማን ነው አለኝ። ታርጋውን ነገርኩት። ድገመው አለኝ። ደገምኩት። ግድግዳውን ተደግፎ ቁልቁል ተንሸራተተና ሲሚንቶው ላይ ተቀመጠ። መኪናዋ የእሱ ናት። ባለፈው ወር ነው የገዛት።

«ጫቱ ይጠወልግብኛል፣ ቆሞ የሚጠብቅ ሹፌር አልፈልግም ብዬው ነበር» አለ። «በዚህ አፌ፣ ወላሂ።»

ላጽናናው ይገባ ነበር። አልቻልኩም። የሰው ልጅ ስትሆን ይለፍ፣ የራስህ ስትሆን ሲሚንቶ ላይ ቁጭ! ይህንን በሆዴ ያዝኩት፤ ላንተ ግን አልደብቅም።

ዓርብ፣ ጥቅ. 8

ዛሬ ትራፊኩ ራሱ ሆስፒታል ድረስ መጣልኝ፤ መዝገብ ይዞ። ሹፌሩ ሚኤሶ ላይ ተይዟል። የመጀመሪያ ጥያቄው፦ አስፋልት ላይ ለምን አቆምክ? ማክሰኞ «እርስዎ» ነበርኩ።

ሐጂ ኡመርም እዚያው ነበር። ያዘዝኩት እኔ ነኝ፣ ስሜን ጻፍ አለው። ትራፊኩ የሚጻፈው ያሽከረከረው ነው አለ። ሐጂ ለመነው፤ ያ ትልቅ ሰው ለመነው። አልተጻፈም። እዚህ ላይ ትንሽ አዘንኩለት። ትንሽ።

ከሰዓት ር/መምህሩ አስጠሩኝ። መፍትሔ አግኝተዋል፦ ሦስተኛው ፌርማታ ይቀር፤ ልጆቹ ሁለተኛው ላይ ወርደው በእግራቸው ይሂዱ። በዚያው መንገድ! በዚያው ቁልቁለት! ያጠፋው ሌላ፣ የሚቀጣው ሕፃን። እንዲህ ብዬ ጮኽኩ፤ በሥራ ዘመኔ አለቃ ላይ ስጮህ የመጀመሪያዬ ነው። እሳቸው እስክሪብቷቸውን ዘጉ።

እሑድ፣ ጥቅ. 10

ፋጡማን ጠየቅኳት። ጀሶው ላይ ጓደኞቿ ስማቸውን ጽፈዋል። አውቶቡሱ ያለሷ እንዳይሄድብኝ ብላ ትጨነቃለች። ፌርማታው ይነሳል መባሉን አልነገርኳትም።

መኪና ሲበላሽ መንገድ ላይ ቅጠል ይበተናል፤ ያን ያየ ሁሉ ይቆማል። ለሞተ ሞተር ይቆማሉ፤ በሕይወት ላለ ልጅ አይቆሙም። እንግዲያውስ ነገ ሦስተኛው ፌርማታ ላይ አቆማለሁ። ከላይ፣ መታጠፊያው ጋ፣ ቅጠል እበትናለሁ። አውቶቡሱን መሐል መንገድ ላይ አጋድሜ፣ የመጨረሻው ልጅ እስኪሻገር ንቅንቅ የለም። የጫት መኪናም ይሁን የባለሥልጣን። ትራፊኩ ይከስሰኛል፤ ይክሰስ። ር/መምህሩ ያባርሩኛል፤ ያባርሩ።

ለባለቤቴ ነግሬያታለሁ። መጀመሪያ ተቆጣች፤ ቆይታ ቅጠሉን ከየት ነው የምትቆርጠው አለችኝ።