ንግግር የማይቆረጥበት አደባባይ

ውድ ወዳጄ ሰይፈሥላሴ፤

ከአርባ ምንጭ በላይ፣ አባያን ቁልቁል ከሚያየው ከኦቾሎ እጽፍልሃለሁ። የገጠሩን ተራ ኑሮ በግሏ ለምትቀርጸው ለሔርሜላ ዘጋቢ ፊልም ተራኪ ሆኜ መጥቻለሁ፤ ለድምፄ እንጂ ለመልኬ እንዳልተፈለግሁ መቼም ትገምታለህ።

ዛሬ የመንደሩን ሰባት ሽማግሌዎች ዱቡሻ በሚሉት የሸንጎ አደባባይ ሰብስባ፣ ቀድማ የቀረጸችውን የሦስት ሰዓት ስብሰባቸውን በአራት ደቂቃ ጨምቃ በላፕቶፕ አሳየቻቸው። እነርሱ ካልፈቀዱ ፊልሙ እንደማይወጣ ቃል ገብታላቸው ነበር።

ሸማኔው አቶ ገነነ ብድግ አሉ። «ልጄ፣ እዚህ አደባባይ ሰው ተናግሮ ሳይጨርስ አይቋረጥም። አንቺ በማን ፈቃድ ቆረጥሽኝ?»

«አባባ፣ ፊልሙ እንዳይረዝም ብዬ ነው።»

«ይርዘማ! ማን ቸኮለ?»

አርባ ዓመት ጽሑፌን በቀይ እስክሪብቶ ስትከረክም የኖርህ አርታኢ ሆይ፣ እዚህ ብትወለድ ኖሮ ቀባሪ ባጣህ ነበር!

ሦስቱም ሰዓት እንዲታይ ተፈረደ፤ ታየም። ሲያበቃ ግን ሽማግሌዎቹ ተራ በተራ ወደ ልጅቱ ጠጋ እያሉ፣ «የእኔን ተዪና የሌሎቹን ቁረጪ» ብለው አንሾካሾኩላት። የመጨረሻው አቶ ገነነ ነበሩ። እርሷም መሐል አደባባይ ቆማ የሰባቱንም ምስጢር ለሰባቱም ነገረቻቸው። ትንፋሽ እስኪያጥራቸው ሳቁ። አቶ ገነነም ዕንባቸውን በጋቢያቸው ጠርገው፣ ስለ ሁሉም ሆነው ፈረዱ፦ «እሺ፣ ቁረጪን። ግን እኩል ቁረጪን።»

የምጽፍበት ፖስት ካርድ ሞላ። ሰላምታዬን ለወይዘሮ ሻሺቱ፣ ለልጆችህ፣ ለዚያ ለማልወደው አማችህም ጭምር ሳታዳላ አካፍልልኝ።

ዓባይ