ራሞን ሳያስነሳው የሄደው ጀግና

ውዴ ራሞን፣

ሙት ዓመትህ ተቃረበ። አማርኛ ብትሰማም ማንበብ እንዳልደረስክበት አውቃለሁ፤ ግን ምን ላድርግ፣ ሐዘኔ በእንግሊዝኛ አልወጣ አለኝ።

ያው ፓይን ሌክ፣ በተውከን ቤት ነን። ልጃችን ልድያ በቁመት በልጣኛለች፤ ሹራብህን ለብሳ ነው ትምህርት ቤት የምትሄደው። እኔም የምፈራውን ሃይዌይ መንዳት ለምጃለሁ። የሥዕል ጠረጴዛህን ግን ማንሳት አቅቶን፣ ሳሎኑ እየጠበበን ዙሪያውን እንሄዳለን።

በተጋባን ሰሞን ካርቶን ከፍተህ የልጅነት ኮሚክ መጽሐፎችህን ያሳየኸኝ ትዝ ይለኛል። ሁሉም የአንድ ሰው ታሪክ ነበሩ፤ ያገርህ የፊሊፒንስ ሰው ከጥንት ጀምሮ በቃሉ ሲቀባበለው የኖረው የዚያ ጀግና። ትልቅ ዓሣ ይውጠዋል፣ አጥንቱ ከውኃ ተለቅሞ ይወጣል፣ ሚስቱ በልብሷ ትሸፍነዋለች፣ አውራ ዶሮው ሲጮህ ከሞት ይነሳል። አንዱ ሠዓሊ ጡንቻውን አሳብጦታል፣ ሌላው ጠፈር ላይ አውጥቶታል። አንተን ያናደደችህ ግን ሚስቲቱ ነበረች። «በሁሉም መጽሐፍ ጥግ ቆማ ታለቅሳለች እንጂ ልብሷን ከማልበስ በቀር ምንም አትሠራም» አልከኝና የራስህን ጀመርክ። ባንተ መጽሐፍ አጥንቱን አንድ በአንድ የምትለቅመው እሷ ናት።

ለመልኳ እኔን አስቀመጥከኝ። ወለሉ ላይ በአጥንቱ ፈንታ ጭራሮ በትነህ ነጠላዬን እንዳለብሰው ስታዘኝ ሳቅ ገደለኝ። «ዝም በይ፣ ባልሽ ሞቷል እኮ!» ብለህ ተቆጣህ፤ ከዚያ ራስህ ከኔ ብሰህ ሳቅክ።

ከዚያ በሽታው መጣ። ኖርክሮስ ማተሚያ ቤት ሥራህን ስታቆም እንኳ እርሳስህን አልጣልክም። ቀኝ እጅህ ሲንቀጠቀጥ በግራህ እየደገፍክ ነጠላውን አጥንቱ ላይ ዘረጋኸው። ትንሣኤውን ሳትሥል ሄድክ።

ልድያ እንዳንተ እጇ ያምራልና ጨርሺው አልኳት። «ማሚ፣ ዳዲ አልተነሳም። እሱን እንዴት አስነሳዋለሁ?» አለችኝ።

ባለፈው ቅዳሜ ዲኬተር ከተማ ውስጥ ስለዚሁ ጀግና የተሠሩ ኮሚኮች ለዕይታ ሲቀርቡ ያንተንም ይዘን ሄድን። አንዲት ያገርህ አሮጊት እያንዳንዱን ሥዕል በጣታቸው እየተከተሉ መጨረሻው ላይ ደረሱና «ቀሪውስ?» ብለው ጠየቁ።

«አባቴ እዚህ ድረስ ነው የሠራው» አለች ልድያ።

ሴትየዋ አጠገባቸው አስቀመጧትና እጇን እንደያዙ ቀሪውን በቃላቸው ተረኩላት። አውራ ዶሮው ጋ ሲደርሱ በዚያ ሁሉ ጸጥታ መሀል አንገታቸውን አስግገው ጮኹ። ሰው ሁሉ ዞረ። ልድያ ሳቀች፤ ሳቋ ሳያልቅ ለቅሶ ሆነ። ከቀብርህ ወዲህ እንባዋን ሳይ የመጀመሪያዬ ነበር። አቅፌያት አብሬ አለቀስኩ።

የቀረውን ገጽ አልሣለችውም። እኔም ከእንግዲህ ጨርሺ አልላትም። ግን ስንመለስ መኪና ውስጥ «ዳዲ ሲስቅ እንዴት ነበር?» ብላ ጠየቀችኝ። ድምፅህ እየራቀባት ፈርታለች። እየነዳሁ ላሳያት ሞከርኩ። «እንደሱ አይደለም» አለችኝ። ደግሜ ሞከርኩ፤ አሁንም ራሷን ነቀነቀች።

ራሞንዬ፣ ያንተን ሳቅ መሳቅ አልሆነልኝም። ግን «አዎ፣ ይሄ ነው» እስክትለኝ ድረስ አልተውም።

ያንተዋ ጽጌ