ቢጫዋ አውሮፕላን

ለውድ ወንድም ጋሼ፣

ሰኞ ደብዳቤዎ ደረሰን። ማክሰኞ እርስዎ የተሰማሩበት የደን እሳት መስፋፋቱን በሬዲዮ ሰማን። ረቡዕ ስልክዎ አልጠራም፤ በዚያ አካባቢ ኔትወርክ እንደሚያስቸግር አውቃለሁ። ሐሙስ ለልጄ የካርቱን ፊልም ከፈትኩላት። ጤናዎን ሳልጠይቅ በዝርዝር መጀመሬን ይቅር ይበሉኝ፤ እንደምን ሰነበቱ? እኛ ደኅና ነን።

ፊልሙ እንደ እርስዎ ከሰማይ ውኃ እያፈሰሱ የደን እሳት ስለሚያጠፉ አውሮፕላኖች ነው። አውሮፕላኖቹ ያወራሉ፣ ይቀልዳሉ፣ ይኮራረፋሉም። ልጄ ቢጫዋን ገና ስታያት «እቺማ አጎቴ ናት! ሆዷን እዪው!» ብላ አሳቀችን። እናታችን «የልጄ ሆድ የታለና!» ብለው ተቆጡ፤ ዓይናቸውን ግን ከአውሮፕላኗ ላይ አልነቀሉም።

ቢጫዋ ጭሱ ውስጥ ስትገባ «አቁሚው» አሉኝ፤ አቆምኩት። ከዚያም የተሳለ አውሮፕላን እንደማይቃጠል ለልጄ በጥንቃቄ አስረዳኋት።

«የአጎቴስ የተሳለ ነው?» አለችኝ።

እጇን እንድትታጠብ ነገርኳት፤ ራት ቀርቦ ነበር።

ሁላችንም በናፍቆት እንስምዎታለን። በማንኛውም ሰዓት ቢደውሉ አንቀየምም፤ ስልኩን እናታችን ይዘውታል።

አክባሪ እህትዎ

ፊልሙን ከቆመበት አልቀጠልነውም።