የጋሼ ክላውስ ስም

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 18

ቤክስሊ የሚባለው ሰፈር ቤታቸው እየሄድኩ የምንከባከባቸው ጀርመናዊው ጋሼ ክላውስ ዛሬ ድሮ የጻፉትን የቴሌቪዥን ፊልም አሳዩኝ። ሠላሳ ዓመት ድራማ ጽፈው እዚህ አገር አንድም ሰው አያውቃቸውም። እኔም ብሆን ተዋናይ መስለውኝ «የትኛው ነዎት?» አልኳቸው። ሳቁብኝ።

«የሚናገሩት ሁሉ እኔ ነኝ» አሉኝ።

ጀርመንኛው ባይገባኝም አብሬያቸው አየሁ። መጨረሻ ላይ ልክ ስማቸው በጽሑፍ ሊመጣ ሲል ሱፐርቫይዘሬ ስልኬ ላይ ኮል አደረገችልኝ። ቀና ስል አልፏል።

«አየሽው?»

«አዎ፣ ያምራል» አልኩ። ምን አስዋሸኝ?

ሺፍቴ አልቆ ስወጣ በመስኮት አየኋቸው። ፊልሙን እንደገና ከፍተው፣ ብቻቸውን፣ ከፊልሙ ሰዎች ጋር እኩል ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሳሉ። ከመኪናዬ እስከ በሩ ተመልሼ ነበር። ግን «እስቲ ስምዎን ያሳዩኝ» እንዳልል፣ አይቻለሁ ብያለሁ።