የሮማ እመቤቶችና የሜሮን ሽማግሌዎች

ቅዳሜ

ዘዴውን ያስተማረችኝ ሊቪያ ናት። ሌላ ሰው አላመሰግንም። የሮማው ንጉሥ የአውግስጦስ ሚስት፣ ከሞተች ሁለት ሺህ ዓመት ሊሞላት ትንሽ የቀራት ሴትዮ፣ ዛሬ እኔ ቤት ገብታ ሥራዋን ሠርታ ሄደች።

ፊደል የቆጠርኩት ስልሳ ካለፈኝ በኋላ ነው፤ እዚሁ ሚኒሶታ፣ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ከሕፃናት ጋር አግዳሚ ላይ ተቀምጬ። አሁን ቀስ እያልኩ መጽሐፍ አነባለሁ። ይህን የሮማ ነገሥታት ሚስቶችና እናቶች ታሪክ ከላይብረሪ ያመጣችልኝ የልጄ ልጅ ሜሮን ናት። «እማማ፣ ትወጃቸዋለሽ፣ አንቺን ይመስላሉ» አለችኝ። ስድብ ይሁን ምስጋና አልጠየቅኳትም።

ሊቪያ ሸንጎ አትገባም፤ ሴት ናትና። ባሏ ግን ከሷ ጋር ትልቅ ጉዳይ የሚነጋገር እንደሆነ የሚለውን አስቀድሞ ይጽፍ ነበር ይላል መጽሐፉ። ዓለምን የሚገዛ ሰውዬ ሚስቱ ፊት እንዳይደናገር ወረቀት ይይዛል! ትናንት ይህን አንብቤ ደስ ብሎኝ ተኛሁ።

ዛሬ ለሜሮን ሽማግሌ መጣ። ልጁ ዮናታን ይባላል፤ የመብራት መስመር ይዘረጋል፣ ኢንቨር ግሮቭ ሃይትስ የምትባል ከተማ ከእናቱ ጋር ይኖራል፣ እዚሁ ተወልዶ ያደገ ነው። ሦስት ሰው ላከ። ሽማግሌ ተባሉ እንጂ አንድም ሽበት የላቸውም። አንደኛው በስኒከር ነው የመጣው። ደንብ የሚያውቀው ትልቁ ሰውዬ ጉንፋን ይዞት ቀርቷል አሉ።

እነሱ ሳይመጡ ልጄን ግርማን ወደ ወጥ ቤት ጠራሁት።

«ዛሬ እሺ እንዳትል። እንመካከርበታለን በላቸው። ቀን እንዳትሰጣቸው።»

«እማዬ፣ ቀን ካልሰጠናቸው እንዴት ይመለሳሉ?»

«ከፈለጉ ይመለሳሉ። ቀን ከሰጠህ ቸኩለናል ማለት ነው።»

ጆሮውን አከከ። ሃምሳ ዓመት አልፎታል፤ ስቆጣ ዛሬም ጆሮውን ያካል። ከዚያ ሳሎን ገብቶ ያልኩትን ቃል በቃል ተናገረ። እኔ በሩ ጀርባ ቆሜ ከንፈሬን አብሬው አንቀሳቅስ ነበር። ሰዎቹ እርስ በርስ ተያዩና ጃኬታቸውን አነሱ።

እኔን በአንድ ቀን ነው የሰጡኝ። ሽማግሌዎቹ የተቀመጡበት ሳይሞቅ አባቴ «ልጃችሁ ናት» አለ። በዚያ የተነሳ ስንት ጊዜ እንደተናቅኩ የማውቀው እኔ ነኝ። ባሌ በተቆጣ ቁጥር «ለምኜ ያመጣሁሽ መሰለሽ?» ይለኝ ነበር። ሜሮን እንደዚያ አትሄድም። ይመላለሱባት።

እሑድ

አልደወሉም። ጥሩ ነው። በማግስቱ የሚደውል ሰው አይከበርም።

ስለ ኦክታቪያ አነበብኩ፣ የአውግስጦስ እህት። ወንድሟ እርቅ ፈልጎ አንቶኒዮስ ለሚባል ጦረኛ ዳራት። አንቶኒዮስ ግብፅ ወርዶ ክሊዮፓትራ ዘንድ ቀረና ኦክታቪያን ፈታት። በኋላ ሁለቱም ሲሞቱ የክሊዮፓትራን ልጆች ሳይቀር ቤቷ አስገብታ ያሳደገች እሷ ናት። መጽሐፉ ደግነቷን እያነሳ ያወድሳታል። እኔም ባሌ ከውጭ የወለደውን አሳድጌያለሁ፤ የጻፈልኝ የለም።

ሜሮን ቀኑን ሙሉ ስልኳን እያየች ዋለች። «ምን ሆነሽ?» ስላት «ናቲንግ» አለችኝ።

ሰኞ

ጉድ ፈላ።

ሜሮን ከሥራ እንደገባች ኮቷን ሳታወልቅ አባቷ ፊት ቆመች። «ለምን እምቢ አላችሁ?»

«ማን እምቢ አለ?» አለ ግርማ።

ስልኳን አንብባ ተረጎመችልን። ዮናታን የጻፈው እንዲህ ነው፦ ቤተሰቦችሽ አልፈለጉኝም፣ ውሳኔያቸውን አከብራለሁ፣ ከዚህ በኋላ አላስቸግርሽም።

«ተመለሱ ማለት እኮ እምቢ ማለት አይደለም» አልኩኝ።

«ተመለሱ አላላችሁማ! ቀን አልሰጣችሁማ! ሦስቱም ሄደው አይ ብለውናል ነው ያሉት።»

«ታዲያ አንድ ጊዜ ስለተነገረው ይሮጣል? ወንድ አይደለም?»

«እማማ፣ እዚህ አገር አይ የተባለ ሰው ሲመላለስ ፖሊስ ነው የሚጠራበት!»

ይህን ስትል እናቷ ሰናይት ሳትፈልግ ሳቋ አመለጣት። ሜሮን ግን አለቀሰች። ልብሷን በቦርሳ አድርጋ ሴንት ፖል ጓደኛዋ ጋ ሄደች። ስትወጣ እኔን አልሳመችኝም። ያ ልጅ ከተወለደች ጀምሮ ሳትስመኝ ወጥታ አታውቅም።

ማክሰኞ

መቀመጥ አልቻልኩም። ከመስኮት ወደ ምድጃ፣ ከምድጃ ወደ መስኮት።

ግርማን «ደውልለት» አልኩት። «የሴት ወገን ሆኜ ልጄን ውሰዱልኝ ብዬ ልደውል? አንቺ አይደለሽ እንዴ ቸኩለናል ማለት ነው ያልሽኝ?» አለኝ። የገዛ ቃሌን መለሰልኝ።

ሰናይት ደግሞ ሳህን እያጠበች፣ ፊቷን ሳታዞር «እማማ፣ ይሄ እኮ ቤተ መንግሥት አይደለም» አለችኝ። መጽሐፌን የምታነብ አልመሰለኝም ነበር።

ንባቡም አላሳረፈኝም። ሊቪያ ከመጀመሪያ ባሏ የወለደችው ጢባርዮስ የሚባል ልጅ አላት። ጢባርዮስ ሚስቱን ይወድ ነበር። ፍታትና የንጉሡን ልጅ አግባ ተባለ፤ እንዲያ ነው ወደ ዙፋን የሚቀርበው። ፈታ። አንድ ቀን የፈታትን ሚስቱን መንገድ ላይ አያትና እያለቀሰ ተከተላት። ከዚያ በኋላ ዳግመኛ እንዳያገኛት ተጠነቀቁ። ያዘዘው ንጉሡ ነው ይላል መጽሐፉ። እናትየው ያን ጊዜ ምን እንዳለች አይናገርም። እኔ ግን ምን እንዳለች መገመት አያቅተኝም።

ይህን ገጽ ደግሜ ማንበብ አልፈለግሁም፤ ደግሜ አነበብኩት።

የሚያስጨንቀኝ፦ ሜሮን የምትበላው። ጓደኛዋ ምን ዓይነት ሰው እንደሆነች። ልጁ ሌላ እንዳያገኝ። ሜሮን «በእማማ ምክንያት ነው ያላገባሁት» እንዳትል።

ረቡዕ

ሰናይት የሌሊት ተራዋን ጨርሳ ስትገባ በሩ ላይ ጠበቅኳት። አረጋውያን ማሳደሪያ ነው የምትሠራው፤ ዩኒፎርሟን አላወለቀችም።

«ወደ ልጁ እናት ውሰጂኝ» አልኳት።

«ግርማ ያውቃል?»

«ግርማ የሚያውቀውን እኔ ነኝ የምነግረው።»

ቁልፏን እንደያዘች ተመልሳ ወጣች። «የወንበሩን ቤልት ይሰሩ» አለችኝ። መንገዱ በረዶ ነው፣ ቀስ ብላ ነው የነዳችው። ድንገት «እማማ፣ ለእኔ ሽማግሌ ሲላክ ቀን ያስቆረጡት እርስዎ አልነበሩም እንዴ? አባቴን መውጫ መግቢያ አሳጥተውት ነበር» አለችኝ።

«ያኔ እኮ የወንድ ወገን ነበርን።»

መሪውን ይዛ ሳቀች። እኔም ሳቅሁ። ሃያ ምናምን ዓመት አንድ ቤት ስንኖር እንደዚያ አብረን የሳቅን አይመስለኝም።

የልጁ እናት ወይዘሮ አበባየሁ በሩን ከፈተችና ደጃፉ ላይ ቆመች። «እትዬ ብርቄ፣ ልጄን ከበር መልሳችሁት ምን ቀርቷችሁ መጣችሁ?»

«ደንብ ነው እኮ፣ አንቺ ታውቂዋለሽ።»

«እኔማ አውቃለሁ። ጥቂት ቆይተህ መልሰህ ላክ ብዬ ለመንኩት። አይ ማለት አይ ነው አለኝ። እንዲያ ብለው ነው ያስተማሯቸው፤ ጥሩ ትምህርት ነው፣ ምን ልበለው?»

ዮናታን ከምድር ቤት ወጣ። ረጅም ልጅ ነው። በአክብሮት ጎንበስ ብሎ ሰላም ካለኝ በኋላ «አንቺ» እያለ አዋራኝ፤ አልከፋኝም።

«አያቴ፣ አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅሽ። አልፈልግም ያለችው ሜሪ ናት?» ሜሪ የሚላት ሜሮንን ነው።

«እሷን ማንም አልጠየቃትም።»

«ታዲያ ማን ነው አይ ያለው?»

ሰናይት አጠገቤ ነበረች። ግርማ ነው ብል ያምናል፤ የተናገረው እሱ ነውና። ለካ እንዲህ ነው የሚመቸው፦ ቃሉ የኔ፣ አፉ የልጄ።

«እኔ ነኝ» አልኩት።

«ጠልተሽኝ ነው?»

«አላውቅህም፣ በምን እጠላሃለሁ? ሜሮን እንዳትረክስ ብዬ ነው። እኔ በአንድ ቀን ተሰጥቼ ረክሼ ነበር።»

እናቱ ይህን በእንግሊዝኛ ደገመችለት። እሱም «አይ አም ሶሪ» አለኝ። እኔ ይቅርታ ልጠይቅ ሄጄ እሱ ጠየቀኝ። ከዚያ ቀና ብሎ «ሽማግሌ ግን አልልክም። ከሜሪ ጋር ነው የማወራው። ካልፈለገች አበቃ» አለ።

ደህና ነው አልኩ። ምን ሥልጣን ቀርቶኝ ነው ደህና አይደለም የምለው?

ሐሙስ

ምንም የለም። በረዶ። ግርማ የት እንደሄድን ሰምቷል፤ አኩርፏል ወይስ ተገላግሏል መለየት አቃተኝ።

ዓርብ

አግሪጲና ላይ ደርሻለሁ። ልጇን ኔሮንን ለማንገሥ ንጉሡን፣ የገዛ አጎቷን አገባች። ልጁ ነገሠ። ሲነግሥ ገንዘቡ ላይ መልኳን ከልጇ ፊት ለፊት አድርገው ቀረጹት። ጥቂት ዓመት ቆይቶ በባሕር ላይ እንድትሰጥም የምትፈርስ ጀልባ አሠራላት። ዋኝታ ወጣች። ሰው ልኮ አስገደላት።

ጸሐፊው ሥልጣን ወዳድ ነበረች ይላል። ወንዱ ቢሆን ኖሮ ብልህ ይሉት ነበር። ቢሆንም ሳነብ ለእሷ ብቻ አላዘንኩም። ያ ልጅ አንድ ቀን እንኳ ምን ትፈልጋለህ ተብሎ ተጠይቆ ይሆን?

ከሰዓት በኋላ ሜሮን ደወለች። ለእናቷ መስሎኝ ስልኩን ላቀብል ስል «አይ፣ አንቺን ነው» አለች።

«ኢንቨር ግሮቭ ድረስ ሄድሽ?»

«ሄድኩ።»

«በዚያ በረዶ?»

«ሰናይት ናት የነዳችው።»

ትንፋሿ ይሰማኛል። «አግኝቼዋለሁ» አለች፤ «ነገ ደግሞ እናወራለን። ገና አልወሰንኩም፣ እማማ። በእሱም ተናድጃለሁ። አንድ ጊዜ እንኳ እኔን ሳይጠይቅ ነው የተወኝ።»

«ልክ ነሽ» አልኳት። ሌላ የምለው ነበረኝ፣ ብዙ ነበረኝ፤ ጥርሴን ነክሼ ዋጥኩት።

«እሑድ እመጣለሁ። አባዬ እሺ በዪው ወይም እምቢ በዪው እንዳይለኝ ንገሪው።»

«አንቺው ንገሪው፣ አባትሽ ነው።»

ሳቀች መሰለኝ። ዘጋችው።

ታገባው አታገባው አላውቅም። ይህን የጻፍኩት እየተነሳሁ እየተቀመጥኩ ነው። አንድ ነገር ግን ቆርጫለሁ። ሜሮንን ብሎ የመጣ ሰው ቢኖር፣ ሽማግሌም ይሁን ልጁ ራሱ፣ ከእንግዲህ ስለሷ እኔ አልመልስም።